ወራጅ ውኃ የሚያስቆመው ቃል

ከነጌሌ ቦረና እስከ ሞያሌ በተዘረጋው ቆላ ካሉት ከተሞች በአንዱ፣ ስሙን በማልጠራው፣ ባለፈው በጋ አንድ ረፋድ በፍርድ ቤት ግቢ ውስጥ ተቀምጬ ነበር። ጉዳይ ኖሮኝ አይደለም። የምሳፈርበት መኪና ሰው እስኪሞላ ድረስ ከፀሐይ የሚያስጥል ዛፍ ስፈልግ ያገኘሁት እዚያ ብቻ ነው። ከግራሩ ሥር ማመልከቻ ጸሐፊዎች፣ ሻይ የምታፈላ ሴትና ቀጠሮውን የሚጠብቅ ባለጉዳይ ተኮልኩለዋል።

በዚያ ረፋድ ሁለት ነገር አየሁ። የመጀመሪያው እንዲህ ነው። ጥምጥም ያሰሩ፣ በትር የያዙ አንድ ሽማግሌ በችሎት አስከባሪ ክንዳቸውን ተይዘው ከአዳራሹ ወጡ። አስከባሪው በኦሮምኛ እየተቆጣ አንድ ነገር ደጋግሞ ይነግራቸዋል። «ምን አደረጉ?» ብዬ ሻይ አፍይዋን ጠየቅኋት። «ዳኛው ሲናገሩ እሳቸውም ተናገሩ። ድምፃቸውን ከፍ አደረጉ። ችሎት መድፈር ያሳስራል፣ ዛሬ ተምረውልዎታል እያላቸው ነው ጋሼ» አለችኝ።

ሁለተኛው ድምፅ የሌለው ነገር ነው። አጠገቤ የላስቲክ ማኅደር ታቅፎ የተቀመጠ፣ ዕድሜው አርባዎቹን የጀመረ ሰው ነበር። የአንድ መሥሪያ ቤት ጥበቃ ነበር። ከሥራ ሲያባርሩት ከሰሰ፤ ረታ። ፍርድ ቤቱ ወደ ሥራው እንዲመለስና ያልተከፈለው ደመወዝ እንዲከፈለው ወሰነ። ይህ ከሆነ ዓመት አልፎታል። የአፈጻጸም መዝገብ አስከፍቶ፣ ትእዛዝ አጽፎ፣ ደብዳቤውን በእጁ ለመሥሪያ ቤቱ ያደረሰው ሦስት ጊዜ ነው። «ምን አሉህ?» አልኩት። «ኃላፊው ስብሰባ ናቸው አሉኝ። እውነቱን ለመናገር ክፉ ቃል አልተናገሩኝም። በጣም ጨዋ ሰዎች ናቸው። ወንበርም ይሰጡኛል።»

እስቲ አንባቢ ይፍረድ። በዚያ ረፋድ ችሎት የደፈረው ማን ነው?

ይህን ጥያቄ ይዤ መኪናዬ ላይ ወጣሁ። በቦርሳዬ ውስጥ ስለዚሁ አገር ሰዎች የተጻፉ ሁለት መጻሕፍት ነበሩ። አንደኛው የዶክተር አስመሮም ለገሠ «ገዳ» ሲሆን በ1973 እ.ኤ.አ. የታተመ ነው። ሁለተኛው የጣሊያናዊው የማርኮ ባሲ ሥራ ነው። በ1996 እ.ኤ.አ. በጣሊያንኛ፣ በ2005 ደግሞ በእንግሊዝኛ የወጣው ይህ መጽሐፍ በእንግሊዝኛው ርእሱ «ጥላ ሥር የሚሰጡ ውሳኔዎች» እንደማለት ነው። ሁለቱንም ከዚያ በፊት አንብቤያቸው ነበር። ከዚያ ረፋድ በኋላ ግን እንደገና ያነበብኳቸው በሌላ ዓይን ነው። የዚህ ጽሑፍ ነገርም እሱ ነው፤ ትእዛዝ የሚከበረው በምን ምክንያት ነው? መጻሕፍቱስ ይህን ሲመልሱልን ምን ያህል እናምናቸው?

* * *

አስቀድሞ ስለ ራሳችን ቃላት ትንሽ ልበል። ችሎት የሚለው ቃል «ቻለ» ከሚለው ግስ የወጣ ነው። የቻለ፣ ሥልጣን ያለው፣ ያለው የሚሆንለት ማለት ነው። ቃሉን ቃል በቃል ብንይዘው፣ የማይችል ችሎት የሚባል ነገር ሊኖር አይገባም። ትእዛዙ የማይፈጸምለት ችሎት ስሙን አጥቷል።

አባቶቻችን ይህን ያውቁ ነበር። «በሕግ አምላክ!» የተባለ ሰው እንዲቆም የሚያስገድደው ፖሊስ አልነበረም። ተናጋሪው ማንም መንገደኛ ሊሆን ይችላል፤ ሕፃንም ሊሆን ይችላል። የተባለው ሰው ግን እግሩን ያነሣ እንደሆነ ያነሣው በንጉሡና በፈጣሪ ላይ ነው። «በሕግ አምላክ ሲባል እንኳን ሰው ወራጅ ውኃ ይቆማል» የሚለው አነጋገር የመጣው ከዚህ ነው። ከዚህ ይበልጥ የሚያስደንቀው የቁራኛው ነገር ነው። ከሳሽና ተከሳሽ ኩታቸው ለኩታ ተቋጥሮ፣ ጠባቂ ሳይኖራቸው፣ ዳኛ ወዳለበት አብረው ይጓዙ ነበር። የውጭ አገር ተጓዦች ይህን አይተው ተገርመው ጽፈዋል። ያቺ የጥጥ ቋጠሮ ብትጎተት የምትፈታ ናት። የምታስረው ክሩ ሳይሆን፣ ፈትቶ የሄደ ሰው በአገሩ ዓይን ምን እንደሚሆን ማወቁ ነው።

ስለዚያ ዘመን ፍርድ ውበት ላወራ አልፈለግሁም። ጉቦም ነበረ፤ ሌባ ሻይም ነበረ፤ «ንጉሥ አይከሰስ ሰማይ አይታረስ» የሚለውም ተረት የዚያው ዘመን ልጅ ነው። ለማለት የፈለግሁት አንድ ነገር ብቻ ነው። በዚያ አስተሳሰብ ሕግን መድፈር ማለት አልቆምም ማለት ነበር። መጮህ አልነበረም። እንዲያውም ሙግቱ ራሱ ጩኸት ነበር። ተሟጋቹ በትሩን እየነቀነቀ፣ እየፎከረ፣ በቅኔ እየተናገረ ዳኛውን ያስደምም ነበር።

አሁን ከዚህ ጋር የወንጀል ሕጋችንን እናስተያይ። በ1996 ዓ.ም. የወጣው የወንጀል ሕግ ችሎት መድፈርን የደነገገው በአንቀጽ 449 ነው። ይዘቱም ከ1949ኙ የወንጀለኛ መቅጫ ሕግ የተወረሰ ነው። ያንን ያረቀቁት ስዊዘርላንዳዊው ዣን ግራቨን ናቸው። እንደ ሥነ ጽሑፍ ብናነበው የአንቀጹ ግሶች ነገሩን ይናገራሉ። የሚቀጣው በፍርድ ሥራ ላይ ያለን ፍርድ ቤት ወይም ዳኛ የሰደበ፣ ያፌዘ፣ የዛተ፣ ሥራውን ያወከ ሰው ነው። ቅጣቱ እስከ አንድ ዓመት ቀላል እስራት ወይም እስከ ሦስት ሺህ ብር መቀጮ ነው። ፍርድ ቤቱም ጥፋቱ እንደተፈጸመ ወዲያውኑ ሊቀጣ ይችላል። ግሶቹ ሁሉ የሚሰሙ ወይም የሚታዩ ናቸው። ዝም ያለ ሰው፣ ወንበር ሰጥቶ «ኃላፊው ስብሰባ ናቸው» የሚል ሰው፣ በእነዚህ ግሶች ውስጥ የለም።

ሕጉ እንቢተኛን ጭራሽ አያውቀውም ማለቴ አይደለም። የፍትሐ ብሔር ሥነ ሥርዓቱ ስለ ፍርድ አፈጻጸም ረጅም ክፍል አለው። ልዩነቱ በፍጥነቱና በስሙ ላይ ነው። የሽማግሌው ጩኸት ስሙ «ድፍረት» ነው፤ ቅጣቱም እዚያው፣ በዚያው ደቂቃ። የመሥሪያ ቤቱ ዝምታ ስሙ «የአፈጻጸም ችግር» ነው፤ ቀጠሮውም ለሚቀጥለው ወር። ነገርን በስሙ አለመጥራት ደግሞ ለሥነ ጽሑፍ ሰዎች ብቻ የሚተው ጥፋት አይደለም።

* * *

ይህ የአንድ ጥበቃ ዕድል ብቻ ቢሆን ኖሮ መጽሔት ላይ ባልጻፍኩት። በ1993 ዓ.ም. የቀድሞው የመከላከያ ሚኒስትር አቶ ስዬ አብርሃ በሙስና ተጠርጥረው ሲታሰሩ፣ የፌዴራል የመጀመሪያ ደረጃ ፍርድ ቤት ዳኛ የነበሩት ወይዘሪት ብርቱካን ሚደቅሳ በዋስ እንዲለቀቁ አዘዙ። ተለቀው ወጡ፤ ወዲያውም በፖሊስ ተያዙ። በዚያው ሰሞን በሙስና የተጠረጠረ ሰው ዋስ እንዳይፈቀድለት የሚያደርግ አዋጅ ወጣ። ትእዛዙ ተከበረ ወይስ ተጣሰ? በር ተከፍቶ ነበርና ተከብሯል የሚል ይኖር ይሆናል። እንዲህ ያለው አከባበር ግን ከስድብ ይከፋል። የሰደበ ሰው ቢያንስ ዳኛው እዚያ መኖራቸውን አምኗል።

የ2010 ዓ.ም. ነገር ደግሞ ሁለቱን ዓይነት ድፍረት በአንድ መዝገብ ላይ አስቀምጦ ያሳየናል። በጥቅምት ወር የፌዴራል ጠቅላይ ፍርድ ቤት አቶ በቀለ ገርባ በ30 ሺህ ብር ዋስ እንዲፈቱ ወሰነ። አልተፈቱም፤ ቆይቶም ዋስትናው ታገደ። በጥር ወር እሳቸውና ሌሎች ተከሳሾች በችሎት ውስጥ ተቃውሟቸውን በድምፅ ስላሰሙ ችሎት ደፍራችኋል ተብለው ስድስት ስድስት ወር ተፈረደባቸው። በየካቲት ክሱ ተቋርጦ ወጡ። ድምፅ ያሰማው ተቀጣ፤ በሩን ያልከፈተውንስ ማን ጠየቀው?

መንግሥት ተለወጠ፤ ነገሩ አልተለወጠም። ከ2012 ዓ.ም. ጀምሮ የታሰሩ የኦነግ አመራሮች ፍርድ ቤት እንዲለቀቁ ካዘዘም በኋላ በእስር ቆይተዋል። የኢትዮጵያ ሰብአዊ መብቶች ኮሚሽን ይህንኑ በይፋ ተናግሮ፣ ትእዛዙ እንዲከበር ጠይቆ ነበር። የወጡት በ2016 ዓ.ም. መጨረሻ ነው። ሕገ መንግሥታችን በአንቀጽ 19 የታሰረ ሰው በ48 ሰዓት ውስጥ ፍርድ ቤት እንዲቀርብ፣ ካልቀረበም አካሉን ነፃ እንዲያወጣለት ፍርድ ቤትን የመጠየቅ መብት እንዳለው ይናገራል። ጥያቄው ሁልጊዜ ይህ ነው፤ ፍርድ ቤቱስ ማንን ይጠይቅ?

የሌላው ዓለም መንገድ ሌላ ነው። እ.ኤ.አ. በ2021 የደቡብ አፍሪካ ሕገ መንግሥታዊ ፍርድ ቤት የቀድሞውን ፕሬዚዳንት ጄኮብ ዙማን በአጣሪ ኮሚሽን ፊት ቅረቡ ተብለው ባለመቅረባቸው ብቻ የ15 ወር እስራት ፈረደባቸው። ዙማ አልሰደቡም ብሎ ያለፋቸው የለም። ስማቸውን ሲጠሩ አለመምጣታቸው ራሱ ድፍረት ተብሏል። እጃቸውን ሰጡ። ከዚያ በኋላ በተነሣው ሁከት ከ300 ሰው በላይ አለቀ። ፍርድን ማስከበር ዋጋ እንዳለው ማንም አይካድ። እነሱ ግን ዋጋውን ከፍለው ነገሩን በስሙ ጠሩት።

* * *

አሁን ወደ ጥላው እንመለስ። ቦረናዎች የሚሸነጉት በዛፍ ሥር ነው። ስብሰባቸውን ኮራ ይሉታል። የጎሣ ኮራ አለ፤ የገዳ መሪዎች ኮራ አለ፤ ከሁሉ በላይ ደግሞ በየስምንት ዓመቱ ጋዮ በተባለው የውኃ ቦታ የሚሰበሰበው ጉሚ ጋዮ አለ። 37ኛው የተካሄደው በ1988 ዓ.ም. ነው። እዚያ ሕግ ይነገራል፤ ይሻሻላል፤ በታች ያላለቀ ሙግት ይታያል፤ መሪዎችም ሳይቀሩ ስለ ሥራቸው ይጠየቃሉ። ሥራውን ያበላሸ አባ ገዳ ከሥልጣኑ የሚወገድበት ስም እንኳ አለው፤ «ቡቂሱ» ይባላል፣ መንቀል ማለት ነው።

አስመሮም ለገሠ ይህን ለዓለም በማሳወቅ ባለውለታ ናቸው። መጽሐፋቸው ግን የመሐንዲስ መጽሐፍ ነው። ትውልዶች በስምንት በስምንት ዓመት ተሰልፈው እንደ ሰዓት ጥርስ ሲገጣጠሙ ያሳያል። አንባቢ አፉን ይከፍታል። ነገር ግን አንድ ሰው «እንቢ፣ ፍርዳችሁን አልቀበልም» ቢል ያ ሁሉ ጥርስ ምን እንደሚያደርገው ለማወቅ የፈለገ አንባቢ ብዙ መጠበቅ አለበት።

እዚህ ላይ ባሲ ይበልጣል። እሱ ከሥርዓቱ ሥዕል ይልቅ የሰውን አነጋገር ያዳምጣል። ኮራው በምርቃት ሲከፈት፣ ሽማግሌዎች በዝግታ ተራ ገብተው ሲናገሩ፣ ጠቡ ሲከር አንዱ በምርቃት ሲያበርደው፣ በመጨረሻም ድምፅ ሳይቆጠር የሁሉም ሐሳብ ወደ አንድ ሲሰበሰብ እናያለን። ዳኛ ከፍ ያለ ወንበር የለውም፤ መዶሻም ፖሊስም የለም። ዓላማው «ነጋ ቦራና» የሚሉት፣ የቦረና ሰላም ነው። በዚያ ጉባኤ ውስጥ የሚጮህ ሰው ቢነሣ እንደ ወንጀለኛ አይታይም። ትዕግሥት ይደረግለታል፤ ይመረቅበታል። ከባዱ ጥፋት የሚጀምረው ውሳኔው ከተሰጠ በኋላ ነው። ውሳኔውን ረግጦ የሄደ ሰው የናቀው ዳኛን ብቻ አይደለም፤ ሰላሙን ነው።

ታዲያ ምን ይደርስበታል? ለዚህ መልሱ ያለው ከመጽሐፉ ይልቅ በጉድጓዱ ውስጥ ነው። ወደ ዱብሉቅ ወይም ወደ ጋዮ ወርዶ የቱላ ጉድጓዶችን ያየ ሰው ይገባዋል። ጉድጓዱ ጥልቅ ነው፤ አንዳንዱ ከ20 ሜትር ይበልጣል። ውኃው የሚወጣው ወጣቶች እንደ መሰላል አንዱ ከአንዱ በላይ ቆመው፣ እየዘፈኑ፣ መቅጃውን ከእጅ ወደ እጅ ሲቀባበሉ ነው። ከላይ ተራውን የሚጠብቅ አባ ሄሬጋ የሚባል ሹም አለ። የማን ከብት ዛሬ፣ የማን ነገ እንደሚጠጣ የሚለየው እሱ ነው። አሁን አስቡት። ጎሣው ፊቱን ያዞረበት ሰው መቶ ከብት ይዞ ጉድጓዱ አፍ ላይ ቢቆም፣ ማንም ሳይመታው፣ ማንም ሳያስረው፣ ብቻውን ነው። ብቻውን ደግሞ አንዲት ጥጃ እንኳ ማጠጣት አይችልም። ስለዚህ ይመለሳል፤ አጥፍቻለሁ ይላል። ሽማግሌዎቹም ብዙ ጊዜ ከጣሉበት ካሣ ላይ ይቀንሱለታል። የፈለጉት ከብቱን ሳይሆን ቃሉን ነውና።

ወራጅ ውኃ የሚያስቆመው ቃል የት እንዳለ የገባኝ እዚህ ላይ ነው። ከላይ አገር ቃሉ ውኃውን ያስቆማል፤ በቆላው ደግሞ ውኃው ቃሉን ያስከብራል።

* * *

እንግዲህ ባሲን ካመሰገንኩት በኋላ የምከሰውም ነገር አለኝ። አንደኛ፣ ጥላው ሰፊ አይደለም። በእነዚያ ኮራዎች የሚናገሩት ወንዶች ናቸው። የሴቶች ጉዳይ ይነሣል፤ ሴቶቹ ግን በአብዛኛው ከጥላው ውጭ ናቸው። «የሁሉም ስምምነት» ሲባል የሁሉ ወንድ ስምምነት መሆኑን ጸሐፊው ጮክ ብሎ አልነገረንም። ሁለተኛ፣ ጎሣ ፊቱን ሲያዞር የባለ ብዙ ከብቱና የባለ ሁለት ላሙ ጀርባ እኩል አይሰበርም። ስምምነት ሲጓተት መቆየት የሚችለው ሀብታሙ ነው።

ሦስተኛውና ዋናው ግን ይህ ነው። ባሲ ከጥላው ተነሥቶ ወደ ከተማ አልገባም። ከተማው ውስጥ ጉድጓዱ የለም። በነጌሌ ወይም በያቤሎ ቤት ያለው፣ የጭነት መኪና የሚያሠራ፣ ገንዘቡን ባንክ ያስቀመጠ ሰው የአባ ሄሬጋ ተራ ምኑ ነው? ከ2013 እስከ 2015 ዓ.ም. ባሉት ዓመታት ዝናብ አምስት ወቅት በተከታታይ ቀርቶ የቦረና ከብት ሲረግፍ፣ ከከብቱ ጋር የሞተው ሀብት ብቻ አይደለም። ከብት የሌለውን ሰው በውኃ መያዝ አይቻልም። የፍርዱ ክንድ አብሮ ደርቋል።

ደግሞም የማን ጥላ? በእነዚህ ከተሞች ቦረናው፣ ጉጂው፣ ገብራው፣ ገሪው፣ ቡርጂው፣ አማራውና ጉራጌው ጎን ለጎን ይነግዳል። ሞያሌን እንደ ምሳሌ እንውሰድ። በአንዲት ከተማ የኦሮሚያና የሶማሌ ሁለት አስተዳደሮች መንገድ ለመንገድ ተፋጠው ዓመታት ኖረዋል። በአንዱ በኩል የታዘዘ ትእዛዝ መንገዱን ተሻግሮ ምን ያህል ይራመዳል? ነጌሌም ራሷ በ2015 ዓ.ም. የምሥራቅ ቦረና ዞን ዋና ከተማ ስትባል፣ በጉጂ በኩል ብርቱ ተቃውሞ ተነሥቶ ነበር። ዛፉ የማን እንደሆነ ሳይታወቅ ከሥሩ የሚሰጠው ፍርድ የማን ይሆናል?

ነጌሌን ካነሣን አይቀር አንድ ታሪክ ልጨምር። በጥር 1966 ዓ.ም. በዚያች ከተማ የሰፈረው የአራተኛ ብርጌድ ጦር በመኮንኖቹ ላይ አመፀ። ምክንያቱ ምግብና ውኃ ነው። የወታደሮቹ የውኃ መሳቢያ ተበላሽቶ ሳለ፣ የመኮንኖቹ ጉድጓድ ለእነሱ ተከልክሎ ነበር። ንጉሠ ነገሥቱ የላኳቸውን የምድር ጦር አዛዥ ጄኔራል ደረሰ ዱባለን ይዘው ያንኑ ምግብ አበሏቸው፤ ያንኑ ውኃ አጠጧቸው። የየካቲት አብዮት መንደርደሪያ ሆኖ ታሪክ የሚያነሣው ይህን ነው። ሰው ከዚህ ብዙ ነገር ተምሯል። እኔ የምማረው ትንሹን ነው። ትእዛዝ የሚሰጥ አካል ራሱ ለጉድጓዱ ተራ የማይገዛ ከሆነ፣ አንድ ቀን ቃሉ ያልቅበታል።

* * *

ይህ ሁሉ ሳለ በከተሜው ጥበብ ውስጥ ጥላውና ፍርድ ቤቱ እንዴት ታዩ? ከሁሉ ይልቅ የሚታወሰው የዘረሰናይ ብርሃነ መሐሪ «ድፍረት» ፊልም ነው። ርእሱ ራሱ ለጉዳያችን የተሰጠ ይመስላል። በጠለፋ የተያዘች ልጅ ጠላፊዋን ገድላ ስትከሰስ፣ አንዲት የሕግ ባለሙያ በፍርድ ቤት ትሟገትላታለች። ታሪኩ በ1980ዎቹ መጨረሻ በእውነት ከሆነ ነገር የተወሰደ ነው። የጠበቃዋ ገጸ ባሕርይ የተቀረጸችባቸው ወይዘሮ መዓዛ አሸናፊ በ2011 ዓ.ም. የፌዴራል ጠቅላይ ፍርድ ቤት ፕሬዚዳንት ሆነዋል።

ፊልሙ ደፋር ነው፤ ስለ ጠለፋ የያዘውም አቋም ትክክል ነው። የሽማግሌዎቹን ሸንጎ ግን በጥቂት ትዕይንቶች ገልጦ ይሄዳል። ሽማግሌዎቹ የትናንት ሰዎች፣ ፍርድ ቤቱ የነገ ነው። ቃላቸው በመንደሩ ለምን እንደሚከበር አንድም ጊዜ አይጠይቅም። ሳይጠየቅ የተሸነፈ ተቃዋሚ ደግሞ ለድራማም ለክርክርም ደካማ ነው።

ከፊልሙ የበለጠው ድራማ የታየው በምረቃው ምሽት ነው። በነሐሴ 2006 መጨረሻ፣ አዲስ አበባ፣ ተመልካች ተሰብስቦ፣ እንግዶች ወንበራቸውን ይዘው፣ ዳይሬክተሩ መድረክ ላይ ወጥቶ የፍርድ ቤት እግድ እንደመጣና ፖሊስ ፊልሙን እንዳስቆመው ተናገረ። ሕይወቷ ለታሪኩ መነሻ የሆነችው ሴት አቤት ብላ ነበር። ሕዝቡ ተነሥቶ ወደ ቤቱ ሄደ። ፊልሙ በኋላ ለሕዝብ ታይቷል። ያን ጊዜ ብዙዎች ስለ ጥበብ ነፃነት ተቆጡ። እኔን ዛሬ የሚያስገርመኝ ሌላው ነው። አንድን ፊልም አስቁሙ የሚል ትእዛዝ በዚያው ምሽት ተፈጸመ። አንድን ሰው ፍቱ የሚለው ትእዛዝ ግን ዓመታት ይፈጃል። እንግዲህ ፖሊስ የፍርድ ቤት ደብዳቤ ማንበብ አያቅተውም። የሚያነበውን ይመርጣል እንጂ።

* * *

በ2013 ዓ.ም. የኦሮሚያ ክልል በአዋጅ ቁጥር 240 ለባህል ፍርድ ቤቶች ዕውቅና ሰጠ። ሕገ መንግሥቱ በአንቀጽ 78 የፈቀደው ነገር ነው። ባለጉዳዩ በሩቅ ከተማ ቀጠሮ ከመመላለስ በመንደሩ፣ በቋንቋው፣ በሚያውቃቸው ሽማግሌዎች ፊት ነገሩን ይጨርሳል፤ ይህ ትንሽ ነገር አይደለም። ገዳም በ2009 ዓ.ም. በዩኔስኮ መዝገብ ሰፍሯል። ይህን ሁሉ ያየ ሰው ባሲ ያልገባበት ከተማ አሁን ወደ ጥላው መጣ ሊል ይችላል።

የኔ ሥጋት ግን ይህ ነው። ዛፉ ማኅተም ሲያገኝ፣ ሽማግሌው መዝገብና ቢሮ ሲያገኙ፣ ሰው የሚታዘዛቸው ስለ ጉድጓዱና ስለ ምርቃቱ ይሆናል ወይስ ስለ ማኅተሙ? በማኅተም የሚታዘዝ ሰው ማኅተምን መናቅም ይማራል። «ሽማግሌዎቹ ስብሰባ ላይ ናቸው» የሚባልበት ቀን የመጣ ዕለት ከሁለት ያጣን እንሆናለን። ፍርድ ቤቱ ከጥላው መማር የሚገባው ትልቅ ነገር ነበረ፤ ትእዛዝ ከተሰጠ በኋላ ያለው ዝምታ የጩኸት ሁሉ ጩኸት መሆኑን። አሁን የምፈራው ጥላው ከፍርድ ቤቱ ዝምታውን እንዳይማር ነው።

አባቶች «በፍርድ ከሄደች በቅሎዬ ያለ ፍርድ የሄደች ጭብጦዬ ታሳዝነኛለች» ይላሉ። ለዚያ ለላስቲክ ማኅደሩ ሰው የሚሆን ተረት ግን አላገኘሁም። እሱ በቅሎውን በፍርድ አገኘ፤ በቅሎዋ ግን እስካሁን የሰውዬው ጋጥ ውስጥ ናት።

ያን ረፋድ መኪናዬ ሞልቶ ልነሣ ስል፣ በትራቸውን ከጥበቃው የተቀበሉት ሽማግሌ መጥተው አጠገባችን ተቀመጡ። ሻይ አፍይዋ ቀዳችላቸው። ምን ሊሉ ኖሮ ነው የጮኹት ብዬ እንድትጠይቅልኝ ለመንኳት። ጠየቀቻቸው። በረጅሙ ተናገሩ። እሷ አሳጥራ ነገረችኝ። «ባለፈው ዓመት የፈረዳችሁልኝ ግመል እስካሁን አልተሰጠኝም፣ ዛሬ ደግሞ ለምን ጠራችሁኝ፣ ነው ያልኳቸው ይላሉ።»

ባለ ማኅደሩ ሰው ሽማግሌውን ቀና ብሎ አያቸው። ከዚያም ትንሽ ጠጋ ብሎ በጥላው ውስጥ ቦታ ለቀቀላቸው።